ኤምፖሪያ ጋዜት፦ የአንዲት ትንሽ ከተማ ጋዜጣ ታሪክ

ኤምፖሪያ ጋዜት በአሜሪካ መካከለኛ ምዕራብ፣ በካንሳስ ግዛት፣ ኤምፖሪያ በተባለች ትንሽ ከተማ የተመሠረተ ጋዜጣ ነው። የከተማዋ ነዋሪ ዛሬም 25 ሺህ ቢሞላ ነው፤ ጋዜጣውም ስሙ በገነነበት ዘመን እንኳ የሚያሰራጨው ቅጂ ከጥቂት ሺህ አይዘልም ነበር። እንዲያም ሆኖ በሃያኛው ክፍለ ዘመን የመጀመሪያ አጋማሽ የኒውዮርክና የቺካጎ ትልልቅ ጋዜጦች ርዕሰ አንቀጹን ደግመው ያትሙት፣ የፖለቲካ ሰዎችም የአዘጋጁን ደጅ ይጠኑ ነበር። ጋዜጣው ለዚህ የበቃው ከዚያች ከተማ ሳይወጣ፣ በየቀኑ ስለ ነዋሪዎቿ ልደት፣ ሠርግና ቀብር እየጻፈ ነው። የአንድ አገር የጋዜጣ ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚጻፈው ከዋና ዋና ከተሞች ማተሚያ ቤቶች ተነስቶ ነው። አዘጋጁና አንባቢው በገበያ ላይ ፊት ለፊት የሚገናኙበት የትንሽ ከተማ ጋዜጣ ግን በዚያ ታሪክ ውስጥ ከሚገባው በታች ቦታ ይሰጠዋል። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በኤምፖሪያ ከተማውና የመጀመሪያው ጋዜጣው የተወለዱት በአንድ ዓመት ነው። በ1854 የአሜሪካ ምክር ቤት ካንሳስ ባርነትን ትፍቀድ ወይስ ትከልክል የሚለውን ጥያቄ ለሰፋሪዎቹ ድምፅ ሲተወው፣ ከሰሜንም ከደቡብም ሰው ጎረፈና መሬቱ የደም መሬት ሆነ። ባርነትን ከሚቃወሙት ወገኖች መካከል በሎረንስ ከተማ «ሄራልድ ኦቭ ፍሪደም» የተባለውን ጋዜጣ ያሳትም የነበረው ጆርጅ ብራውንና ከኦሃዮ የመጣው ወጣት አታሚ ፕሬስተን ፕላም ይገኙበታል። እነዚህ ሰዎችና ባልደረቦቻቸው በ1857 በኒዮሾና በኮተንውድ ወንዞች መካከል በተዘረጋው ሜዳ ላይ ኤምፖሪያን ቆረቆሩ። ፕላምም በዚያው ዓመት ጁን 6 ቀን «ካንዛስ ኒውስ» የተባለውን ጋዜጣ አወጣ። በሜዳው ላይ የቆሙት ቤቶች ገና በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ። በዚያ ዘመን ከተማ ቆርቋሪዎች ጋዜጣ የሚያቋቁሙት ካለው ነዋሪ ይልቅ ገና ይመጣል ብለው ተስፋ ለሚያደርጉት ሰው ነበር፤ ጋዜጣው ወደ ምሥራቅ እየተላከ አፈሩ ለም፣ አየሩ ተስማሚ፣ ከተማውም የወደፊት ተስፋ ያለው መሆኑን ይነግር ነበር። ፕላም ቆየት ብሎ ጋዜጣውን ለሌላ አሳልፎ ወደ ሕግና ወደ ፖለቲካ ገባ፤ ከ1877 ጀምሮ በ1891 እስከ ሞተ ድረስ ካንሳስን ወክሎ በሴኔት ተቀመጠ። የዚህ ሰው ቤተሰብ ገንዘብ በኋላ በጋዜት ታሪክ ውስጥ ተመልሶ ይመጣል።

በካንሳስ ሜዳ ላይ ጋዜጣ መጀመር ብዙ ሀብት አይጠይቅም ነበር። አንድ የእጅ ማተሚያ፣ ጥቂት ሳጥን የእርሳስ ፊደል፣ አንድ ፊደል ለቃሚና አንድ ተላላኪ ልጅ ካሉ ይበቃል። አዘጋጁ ራሱ ዜና ይሰበስባል፣ ይጽፋል፣ ሲያስፈልግ ፊደል ይለቅማል፣ ማስታወቂያም ዞሮ ይለምናል። በእጅ እየለቀሙ ሙሉ ገጽ መሙላት አድካሚ ስለሆነ ብዙዎቹ የውስጥ ገጾቹ አስቀድመው የታተሙለት ወረቀት ይገዙ ነበር። ይህን መላ ካስፋፉት ሰዎች ግንባር ቀደሙ በዊስኮንሲን የባራቡ ከተማ አዘጋጅ የነበረው አንሰል ኬሎግ ነው፤ በ1861 የእርስ በርስ ጦርነቱ ሠራተኛውን ሲወስድበት ጋዜጣውን ላለማቋረጥ ብሎ ጀመረው፤ በ1865 ደግሞ ቺካጎ ገብቶ ንግድ አደረገው። ተከታታይ ልብ ወለዱ፣ የሩቅ አገር ዜናውና የመድኃኒት ማስታወቂያው ተዘጋጅቶ ከቺካጎ ይመጣል፤ የአገሩ አዘጋጅ ባዶ በተተወው ገጽ ላይ የራሱን ከተማ ወሬ ያትምበታል።

ገቢው ግን የተበጣጠሰ ነበር። ደንበኛው የዓመት ክፍያውን አንዳንዴ በጥሬ ገንዘብ፣ አንዳንዴ በማገዶ ወይም በድንች ይከፍላል። የሱቅ ማስታወቂያ ጥቂት ያመጣል፤ ደረሰኝ፣ የጨረታ ወረቀትና የሠርግ ጥሪ ማተም ደግሞ ማሽኑ ሥራ ፈት እንዳይሆን ያደርጋል። ከሁሉም የሚበልጠው የመንግሥት ማስታወቂያ ነበር። በ1879 የወጣ ሕግ በነፃ የተሰጠውን መሬት በስሙ ለማዛወር የሚፈልግ ሰፋሪ ሁሉ አስቀድሞ በአቅራቢያው ባለ ጋዜጣ እንዲያሳውቅ ያስገድድ ስለነበር፣ በምዕራቡ ሜዳ ላይ በዚያ ክፍያ ብቻ የቆሙ ጋዜጦች ነበሩ። የአውራጃ አስተዳደርም የግብር፣ የጨረታና የምርጫ ማስታወቂያውን ለመረጠው ጋዜጣ ይሰጣል። ምርጫው በፖለቲካ የሚወሰን በመሆኑ ጋዜጣ ያለ ፓርቲ መኖር ይከብደው ነበር፤ በዚያ ዘመን አንድን ጋዜጣ «የሪፐብሊካን ነው» ወይም «የዲሞክራት ነው» ማለት እንደ ስድብ የማይቆጠረው ለዚህ ነው። ፖስታ ቤቱም የራሱን ድርሻ አድርጓል፤ ከ1850ዎቹ መጀመሪያ አንሥቶ ሳምንታዊ ጋዜጦች በሚታተሙበት አውራጃ ውስጥ ያለ ክፍያ ይታደሉ ነበር።

ጋዜት የተቋቋመው በ1890 ሲሆን ኤምፖሪያ በዚያን ጊዜ የባቡር መስመር፣ በ1863 የተቋቋመ የመምህራን ማሠልጠኛና በ1882 የተመሠረተ የቤተ ክርስቲያን ኮሌጅ ያላት ከተማ ሆና ነበር። የአገሩ ጉልህ ጋዜጣ የቀድሞው ምክትል አገረ ገዥ የቻርልስ እስክሪጅ «ሪፐብሊካን» ነው። ወቅቱ ለገበሬ ክፉ ነበር። ድርቅ ተደጋገመ፣ የስንዴና የበቆሎ ዋጋ ወደቀ፣ መሬቱን አስይዞ የተበደረው ገበሬ ወለዱን መክፈል አቃተው፣ የባቡር ኩባንያዎች ደግሞ እህሉን ለማጓጓዝ የሚጠይቁት ዋጋ አልቀነሰም። ከዚህ ምሬት የሕዝብ ፓርቲ፣ በተለምዶ አጠራሩ ፖፑሊስት፣ ተወለደ። ጋዜትም ሲጀመር የዚህ እንቅስቃሴ ልሳን ነበር። ሆኖም ትርፍ አላገኘም፤ በአምስት ዓመት ውስጥ ከአንዱ ባለቤት ወደ ሌላው ተዛውሮ በ1895 ለሽያጭ ቀረበ።

የገዛው ሰው ዊሊያም አለን ዋይት ይባላል። በፌብሩዋሪ 10 ቀን 1868 እዚያው ኤምፖሪያ ተወለደ፤ ያደገው ግን ኤል ዶራዶ በምትባል በአቅራቢያ ባለች ከተማ ነው። በኤምፖሪያ ኮሌጅና በካንሳስ ዩኒቨርሲቲ ቢማርም ዲግሪ አልያዘም፤ ሙያውን የተማረው በኤል ዶራዶ ማተሚያ ቤት ከተላላኪነት ጀምሮ ነው። ከዚያም በካንሳስ ሲቲ «ስታር» ርዕሰ አንቀጽ ይጽፍ ነበር። ጋዜትን የገዛበት 3,000 ዶላር አንድም ሳንቲም ሳይቀር ብድር ነው። ካበደሩት መካከል አገረ ገዥው ኤድመንድ ሞሪልና የሟቹ የሴናተር ፕላም ቤተሰብ ይገኙበታል። ዋይት በጁን 1 ቀን 1895 ምሽት ከባቡር ሲወርድ በኪሱ የነበረው 1 ዶላር ከ25 ሳንቲም እንደነበረ በግለ ታሪኩ ተርኳል። ሻንጣውን ተሸክሞ በእግሩ ቢሄድ 25 ሳንቲሙ ትተርፈዋለች። አዲሱ የጋዜጣ ባለቤት ሻንጣ ተሸክሞ ሲያልፍ ያየው ነጋዴ ግን ድህነቱን ያወራበታል፤ ማስታወቂያ ለመስጠትም ያመነታል። ስለዚህ የኪራይ ሠረገላ ያዘ። ትንሽ ከተማ ውስጥ ጋዜጣ ማለት አዘጋጁ ራሱ መሆኑን የ27 ዓመቱ ወጣት ገና ከጣቢያው ሳይወጣ ተረድቶት ነበር።

በጁን 3 በወጣው የመጀመሪያ ርዕሰ አንቀጹ ወደ ኤምፖሪያ የመጣው ሊኖርባት እንጂ ወደ ሌላ ሊሸጋገርባት እንዳልሆነ ለአንባቢዎቹ አስታወቀ። በሚቀጥሉት ዓመታት ከትልልቅ ከተሞች ብዙ የሥራ ጥሪ ደርሶት አንዱንም አልተቀበለም።

የጋዜት ገጾች የሚሞሉት በሰው ስም ነበር። ማን በጠዋቱ ባቡር ወደ ቶፒካ ሄደ፣ የማን ልጅ ታመመች፣ ማን ቤት እንግዳ መጣ፣ የትኛው ቤተ ክርስቲያን እራት አዘጋጀ፣ ማን አዲስ በረንዳ አሠራ፤ ይህ ሁሉ ይታተማል። ወሬውን ተራ ነው ብሎ የሚንቅ ሰው ሞልቷል፤ ነገር ግን በትንሽ ከተማ አንባቢው ስለሚያውቀው ሰው ሲያነብ የሚያገኘው ነገር ስለማያውቀው ንጉሥ ሲያነብ ከሚያገኘው ይበልጣል፤ ዋይት ይህን አሳምሮ ያውቅ ነበር። በ1906 ያሳተመው «ኢን አወር ታውን» የተባለው የአጫጭር ታሪኮች መጽሐፍም የተጻፈው ከአንድ ትንሽ ከተማ ጋዜጣ ቢሮ መስኮት ሆኖ ከሚታየው ሕይወት ነው። የዚህ ዓይነቱ ጋዜጠኝነት የራሱ ግዴታ አለው። በትልቅ ከተማ ጸሐፊው የጻፈበትን ሰው በሕይወቱ ላያገኘው ይችላል፤ በኤምፖሪያ ግን በማግሥቱ ጠዋት ፖስታ ቤት ሰልፍ ላይ ከጎኑ ቆሞ ያገኘዋል። ስም በስህተት የተጻፈበት ይቆጣል፣ የተዘለለ ያኮርፋል፣ የተነቀፈ ደግሞ መልሱን በአካል ይዞ ይመጣል። ባለቤቱ ሳሊ ሊንድሴ ዋይት ከመጀመሪያው አንሥቶ የሥራው ተካፋይ ነበረች፤ ባሏ በማይኖርበት ጊዜ ጋዜጣውን የምትመራውም እሷ ነበረች። በጋዜት ታሪክ የእሷ ድርሻ ብዙ ጊዜ በአንድ ዓረፍተ ነገር መታለፉ ትክክል አይደለም።

ጋዜትን ከካንሳስ ውጭ ያስታወቀው ከንዴት የተወለደ ጽሑፍ ነው። በ1896 ዊሊያም ማኪንሌይና ዊሊያም ጄኒንግስ ብራያን ለፕሬዚዳንትነት ሲወዳደሩ የካንሳስ ፖፑሊስቶች ከብራያን ጎን ቆሙ። በኦገስት ወር አንድ በጣም ሞቃታማ ቀን ሪፐብሊካኑ ዋይት ፖስታውን ሊያመጣ ሲሄድ የፖፑሊስት ደጋፊዎች መንገድ ላይ ከበው አፋጠጡት፣ አላገጡበትም። እሱም ቢሮው ገብቶ «ካንሳስ ምን ነካት?» የሚል ርዕሰ አንቀጽ ጻፈ። በኦገስት 15 የታተመው ይህ ጽሑፍ ካንሳስ ሰውም ገንዘብም እየሸሻት ነው፣ ምክንያቱም ሀብታምን የሚጠሉ፣ ያልተማሩ መሪዎች ተጫውተውባታል የሚል ሲሆን፣ በስድብና በፌዝ የተሞላ ነበር። የቺካጎና የኒውዮርክ ጋዜጦች ወዲያው ደገሙት። የማኪንሌይ የምርጫ ዘመቻ መሪ ማርክ ሃና ደግሞ በብዛት አሳትሞ በአገሪቱ በተነው፤ ቁጥሩ ከሚሊዮን እንዳለፈ ይነገራል። የአንዲት ትንሽ ከተማ አዘጋጅ በአንድ ወር ውስጥ በመላ አሜሪካ የታወቀ ሆነ።

ጽሑፉ እስከ ዛሬ የዋይት ዝነኛ ሥራ ሆኖ ቢጠቀስም ከሥራዎቹ የተሻለው አይደለም። ማኪንሌይ አሸነፈ፤ በካንሳስ ግን ያሸነፈው ብራያን ነው። ርዕሰ አንቀጹ በሩቅ ያለውን አንባቢ ሲያስቅ፣ የጋዜጣውን የራሱን አገር ገበሬ ጥያቄ አልመለሰም። የባቡር ዋጋውም የወለድ ጫናውም እውነተኛ ችግር ነበር። ዋይት ይህን ለመገንዘብ ጊዜ ቢፈጅበትም ተገንዝቦታል። በ1897 በኋላ ፕሬዚዳንት ከሆነው ከቴዎዶር ሩዝቬልት ጋር ከተዋወቀ ወዲህ አስተሳሰቡ እየተለወጠ ሄዶ፣ የባቡር ኩባንያዎች በሕግ እንዲገቱና ሴናተሮች በሕዝብ እንዲመረጡ ከሚጠይቁት አንዱ ሆነ። ከ1906 ጀምሮ ከጋዜጠኞቹ ከአይዳ ታርቤልና ከሊንከን ስቴፈንስ ጋር በ«አሜሪካን ማጋዚን» ሠራ፤ በ1912 ሩዝቬልት ከሪፐብሊካን ፓርቲ ወጥቶ አዲስ ፓርቲ ሲመሠርትም ተከተለው። በ1896 የተሳለቀባቸው ሰዎች ያነሷቸው በርካታ ጥያቄዎች በኋላ በጋዜት ርዕሰ አንቀጾች ድጋፍ አገኙ።

በእነዚህ ዓመታት ጋዜጣው ዕዳውን ከፍሎ በ1900 መርቸንት በተባለው ጎዳና ወደ ራሱ ሕንፃ ገባ። በ1896 የተጀመረው የገጠር የፖስታ እደላ ዕለታዊ ጋዜጣን እስከ ገበሬው ደጃፍ ማድረስ አስቻለ። ፊደል በእጅ የመልቀሙንም ሥራ በ1886 በኒውዮርክ ሥራ የጀመረው ሊኖታይፕ ቀስ በቀስ በየትንሹ ከተማ ተካው። የጋዜት ቢሮ ደግሞ የወጣት ጸሐፊዎች ማሠልጠኛ ሆነ። በኋላ በብሮድዌይ የታወቀው የቲያትር አዘጋጅ ብሮክ ፔምበርተን ሥራ የጀመረው በጋዜት ዘጋቢነት ነው፤ በ1907 የመጣው ዋልት ሜሰንም በስድ ንባብ መልክ የሚጽፋቸው ግጥሞቹ በመላ አገሪቱ ጋዜጦች ይታተሙለት ነበር።

በሜይ 1921 የአዘጋጁ ሴት ልጅ ሜሪ ዋይት ሞተች። 16 ዓመቷ ነበር። ፈረስ እየጋለበች ለጓደኛዋ ሰላምታ እጇን ስታነሳ ጭንቅላቷ ከዛፍ ቅርንጫፍ ጋር ተጋጭቶ ከጥቂት ቀናት በኋላ፣ በሜይ 13፣ አረፈች። በሜይ 17 ዋይት በጋዜት ስለ ልጁ ጻፈ። የዜና ወኪሉ ከፈረስ ወድቃ ሞተች ብሎ ያሰራጨውን በማረም ይጀምራል፤ ፈረስ ጥሏት እንደማያውቅ፣ ይህን ብትሰማ ትስቅ እንደነበር ይናገራል። ከዚያ በኋላ ያለው ልቅሶ አይመስልም። ሜሪ መኪና ስትነዳ ያገኘችውን ሁሉ እንደምትጭን፣ ትልቅ ሴት መስላ ለመታየት እንደማትቸኩል፣ በትምህርት ቤቷ ለጥቁር ተማሪ ልጃገረዶች ማረፊያ ክፍል እንዲሰጥ ትሟገት እንደነበር፣ በአውራጃው የድሆች መኖሪያ ለሚኖሩት የበዓል ምሳ ለማዘጋጀት ታስብ እንደነበር አንድ በአንድ ይዘረዝራል። የትንሽ ከተማ ጋዜጣ የዕለት ሥራው የሞተን ሰው ታሪክ መጻፍ ነው፤ ዋይት ለብዙ መቶ ጎረቤቶቹ ያደረገውን ለልጁ አደረገ፤ የሙያው ሥርዓትም ሐዘኑን ያዘለት። ጽሑፉ በመላ አገሪቱ ተደጋግሞ ታትሞ በትምህርት ቤት የንባብ መጻሕፍት ውስጥ ገባ፤ ጋዜት ካወጣው ሁሉ ከልብ የሚገባውም ይኸው ነው። ቤተሰቡ ለከተማው የሰጠው መናፈሻም በእሷ መታሰቢያነት ፒተር ፓን ተብሎ ተሰየመ።

የጋዜት ትልቁ ፈተና የመጣው በሚቀጥለው ዓመት ነው። በጁላይ 1 ቀን 1922 ደመወዛቸው የተቀነሰባቸው 400 ሺህ ያህል የባቡር ጥገና ሠራተኞች በመላ አሜሪካ ሥራ አቆሙ። የሳንታ ፌ ባቡር በሚያልፍባት ኤምፖሪያም አድማው ገባ። የካንሳስ አገረ ገዥ ሄንሪ አለን በ1920 ያቋቋመው የኢንዱስትሪ ፍርድ ቤት አድማን በብርቱ የሚገድብ ሕግ ነበረው። አድመኞቹ በየሱቁ መስኮት «የባቡር አድመኞችን 100 በመቶ እንደግፋለን» የሚል ወረቀት ሲያሰቅሉ፣ አለን ይህ ራሱ ሕግ መጣስ ነው ብሎ ወረቀቶቹ እንዲነሱ አዘዘ።

አለንና ዋይት የዕድሜ ልክ ወዳጆች ነበሩ። አለን ራሱ የዊቺታ «ቢከን» ጋዜጣ ባለቤት ነው። በ1917 ሁለቱ አብረው በቀይ መስቀል ተልእኮ ወደ ፈረንሳይ ሄደው ዋይት በ1918 ስለ ጉዞው መጽሐፍ አሳትሟል። ሆኖም ዋይት በጋዜት መስኮት ላይ ወረቀቱን ሰቀለ፤ 100 የሚለውን ግን 49 አደረገው። ቁጥሩን የመረጠው በጥንቃቄ ነው። አድማውን ሙሉ በሙሉ አልደገፈውም፤ አድመኞቹ ሐሳባቸውን የመናገር መብታቸውን ግን ሙሉ በሙሉ ደግፏል። ሁከት ሳይነሳ በሚያልፍ በእያንዳንዱ ቀን አንድ በመቶ እንደሚጨምርም ተናገረ። አገረ ገዥው ወዳጁን እንዲከሰስ አደረገ፤ ዋይትም ተያዘ፤ ጉዳዩ በፍርድ ቤት እስኪታይ ወረቀቱን አነሳ።

በጁላይ 27 ቀን የታተመው «ለተጨነቀ ወዳጅ» የተባለው ርዕሰ አንቀጽ የተጻፈው በዚህ መካከል ነው። የተጨነቀው ወዳጅ አለን እንደሆነ ይታመናል። የጽሑፉ ክርክር አጭር ነው፤ ሁሉም በተረጋጋበት ሰዓት የመናገር ነፃነት አያስፈልግም፤ የሚያስፈልገው ሰው በተቆጣበትና መንግሥት በፈራበት ሰዓት ነው። ሥርዓት የሚመጣው ከነፃነት እንጂ አፍ ከመዝጋት አይደለም፤ ሞኝነት የሆነ ሐሳብም በግልጽ ሲነገር በራሱ ይከስማል። ክሱ በዲሴምበር ወር ተቋረጠ፤ ዋይት ግን ፍርድ ቤት ቀርቦ መከራከር ይፈልግ ስለነበር አልተደሰተም። ርዕሰ አንቀጹ በ1923 የፑሊትዘር ሽልማት አገኘ። በዚያው ዓመት የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዎልፍ በተባለ የሥጋ ማሸጊያ ድርጅት ጉዳይ በሰጠው ውሳኔ የካንሳስን የኢንዱስትሪ ፍርድ ቤት ሥልጣን ሸረሸረው። የሁለቱ ሰዎች ወዳጅነት ግን ከክሱ በኋላም ቀጠለ። ስለ መናገር ነፃነት ብዙ መጻሕፍት ተጽፈዋል። የጋዜትን ጽሑፍ ክብደት የሚሰጠው ጸሐፊው የተሟገተው ግማሹን ለማይቀበለው ሐሳብ፣ ከሚወደው ሰው ጋር፣ የሁለቱም ወገን ደንበኞቹ በሚያልፉበት መስኮት ላይ መሆኑ ነው።

በእነዚሁ ዓመታት ኩ ክለክስ ክላን በካንሳስ ተስፋፍቶ ነበር። ነጭ ካባና ጭምብል የለበሱት ሰዎች ጥቁሮችን፣ ካቶሊኮችን፣ አይሁዶችንና ስደተኞችን ዒላማ አድርገው በየከተማው አባላት መለመሉ፤ ኤምፖሪያም አልቀረችላቸውም። ጋዜት ከ1921 ጀምሮ ፊታቸውን የሚሸፍኑት ስለሚያፍሩ ነው እያለ ሲያሳፍራቸው ቆየ። በ1924 የገዥነት ምርጫ ሁለቱ ትልልቅ ፓርቲዎች ክላኑን በስሙ ጠርተው ለመቃወም ሲያመነቱ፣ ዋይት በሴፕቴምበር በግሉ ተወዳዳሪ ሆኖ ቀረበ። እንደሚሸነፍ ያውቅ ነበር። በመኪና ከከተማ ከተማ እየዞረ ተናገረና ሦስተኛ ሆኖ 150 ሺህ ገደማ ድምፅ አገኘ። በ1925 የካንሳስ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ክላኑ ያለ ሕጋዊ ፈቃድ በግዛቱ ሊንቀሳቀስ እንደማይችል ወሰነ።

ዋይት በዕድሜው መጨረሻ የአገር ሽማግሌ ተብሎ ይጠራ ነበር። በ1938 የፕሬዚዳንት ካልቪን ኩሊጅን የሕይወት ታሪክ አሳተመ። በሜይ 1940 ናዚ ጀርመን አውሮፓን ስትወር ለእንግሊዝና ለአጋሮቿ እርዳታ እንዲሰጥ የሚወተውተውን ኮሚቴ መርቶ፣ በ1941 መጀመሪያ ከኃላፊነቱ ለቀቀ። ፕሬዚዳንት ፍራንክሊን ሩዝቬልትን በብዙ ጉዳይ ቢደግፍም በምርጫ ጊዜ ወደ ሪፐብሊካኖቹ መመለሱ አይቀርም ነበር፤ በ1936ም የቆመው ከሪፐብሊካን ዕጩው፣ ከአገሩ ሰው ከአልፍ ላንደን ጋር ነው። ይህ የፓርቲ ታማኝነት የጋዜት ደካማ ጎን ነበር። አዘጋጁ በ364 ቀን የጻፈውን በምርጫው ዕለት ይተወዋል ብለው የሚወቅሱት አንባቢዎች የተሳሳቱ አልነበሩም። ዋይት በጃንዋሪ 29 ቀን 1944 ሞተ። ዕለቱ ካንሳስ በ1861 ከባርነት ነፃ ግዛት ሆና ወደ ኅብረቱ የገባችበት ቀን ነበር። ያላለቀው ግለ ታሪኩ በ1946 ታትሞ በ1947 ሌላ ፑሊትዘር አገኘ፤ በ1948 ደግሞ ምስሉ ያለበት የ3 ሳንቲም ቴምብር ወጣ።

ጋዜጣው ለልጁ ለዊሊያም ሊንድሴ ዋይት አለፈ። እሱ አስቀድሞ በጦር ዘጋቢነትና በ1942 ባሳተመው «ዘይ ወር ኤክስፔንደብል» በተባለው መጽሐፍ የታወቀ ነበር። በ1940 ለንደን በቦምብ ስትደበደብ ከዚያ አንዲት ወላጅ አልባ ሕፃን ወስዶ ከሚስቱ ከካትሪን ጋር አሳድጓል፤ የጉዲፈቻው ታሪክ በ1941 መጽሐፍ፣ በ1942 ደግሞ ፊልም ሆኗል። አባቱ በኤምፖሪያ ተቀምጦ ዓለምን ሲመለከት ልጁ ዓለምን ዞሮ ወደ ኤምፖሪያ ተመለሰ፤ በ1973 እስከ ሞተ ድረስም ጋዜጣውን ያዘ። ከእሱ በኋላ ካትሪን መራችው። በ1988 እሷም ስትሞት ኃላፊነቱ ከለንደን ፍርስራሽ ለመጣችው ልጅ፣ ለባርባራ ዋይት ዎከር፣ ተላለፈ። ቀጥሎ ልጇ ክሪስቶፈር በአራተኛ ትውልድ ተረከበ።

በዚህ ጊዜ የሥራው መሠረት ተለውጦ ነበር። የከተማው ሱቆች ቦታ በትልልቅ የሰንሰለት መደብሮች ተያዘ፤ እነዚህ ደግሞ በአገር ጋዜጣ ብዙ አያስተዋውቁም። የቤት ኪራይ፣ የመኪና ሽያጭና የሥራ ማስታወቂያ ወደ ኢንተርኔት ሄደ። በ2024 ኖርዝዌስተርን ዩኒቨርሲቲ ባወጣው ጥናት መሠረት ከ2005 ወዲህ ከአሜሪካ ጋዜጦች ከሲሶ በላይ የሚሆኑት ጠፍተዋል፤ አብዛኞቹም የትንንሽ ከተሞች ሳምንታዊ ጋዜጦች ናቸው። አንድ አውራጃ ጋዜጣውን ሲያጣ የአስተዳደሩን ስብሰባ ቁጭ ብሎ የሚያዳምጥ፣ የጨረታውን ዋጋ የሚጠይቅ ሰው አብሮ ያጣል።

የጋዜት የቀድሞ እትሞች ግን አልጠፉም። የካንሳስ የታሪክ ማኅበር በ1875 ሲቋቋም መሥራቾቹ የግዛቲቱ የጋዜጣ አዘጋጆች ነበሩ፤ ከዚያ ጊዜ አንሥቶ በካንሳስ የሚወጣ ጋዜጣ ሁሉ እንዲሰበሰብ ስላደረጉ፣ ክምችቱ በአገሪቱ ካሉት ትልልቆቹ አንዱ ሆኗል። ስለ 1896 ምርጫ፣ ስለ 1922 አድማ ወይም ስለ ክላኑ የሚያጠና ሰው ርዕሰ አንቀጾቹን ብቻ ሳይሆን በዚያው ቀን በኤምፖሪያ የተጋባውን፣ የተወለደውንና የተቀበረውን ሰው ስም አብሮ ያገኛል። ቴዎዶር ሩዝቬልት በእንግድነት ያረፈበትን፣ ሬድ ሮክስ የተባለውን የዋይት ቤተሰብ መኖሪያም የሚያስተዳድረው ይኸው ማኅበር ነው።